የበጀት ሰሌዳው ግምገማ፦ ባሕር ዳር ላይ የሕዝብ ገንዘብ ከግድግዳ ሲነበብ

ለመታወቂያ፣ ለግብር ወይም ለግንባታ ፈቃድ ክፍለ ከተማ የሄደ ሰው ወረፋ ሲጠብቅ ዓይኑ ከሚያርፍባቸው ነገሮች አንዱ የበጀት ሰሌዳ ነው። ከላይ የበጀት ዓመቱ ተጽፏል፤ ከሥሩ ትምህርት፣ ጤና፣ ውኃ፣ መንገድ እየተባለ አኀዝ ተደርድሯል። አብዛኛው ሰው “በሚሊዮን ነው” ብሎ ያልፈዋል። እኛ ግን ሰሌዳውን ለሕዝብ እንደሚቀርብ ማንኛውም አገልግሎት ቆጥረን ልንገመግመው ነው፤ ምን ይጠቅማል፣ የት ላይ ይጎድላል፣ እንዴት ቢያነቡት ፍሬ ይሰጣል። የምንገመግመው በባሕር ዳር ከተማና በጣና ዳር ወረዳዎች ያለውን አሠራር በጥቅሉ ነው፤ አንድን መሥሪያ ቤት ለይተን አናነሳም።

ፍርዱን ከፊት እናስቀምጠው። የታቀደውን በመንገር ከ5 ነጥብ 4 እንሰጠዋለን። የወጣውን በመንገር 2። ወጪው ተመርምሮ የተገኘውን በመንገር 1። ሰሌዳው ሐምሌ ላይ አንደበቱ የተፈታ ነው፤ ወደ ሰኔ ሲጠጋ ዝም ይላል። ገበያ የሚወጣ ሰው ይዞት የሄደውን ብርና በዘንቢሉ ይዞት የመጣውን ዕቃ ለየብቻ ይቆጥራል። ሰሌዳው ይዞ የሄደውን ብቻ ነው የሚያሳየን።

ግዴታው ከየት መጣ

ሰሌዳው የሹም ችሮታ አይደለም። የ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 12 የመንግሥት አሠራር ለሕዝብ ግልጽ እንዲሆን ያዛል። የመገናኛ ብዙኃንና የመረጃ ነፃነት አዋጅ ቁጥር 590/2000 የመንግሥት አካላት ጠያቂ ሳይጠብቁ ስለ ሥራቸው መረጃ እንዲያወጡ ግዴታ ጥሎባቸዋል። በተግባር ግን ግድግዳው ላይ ወረቀት እንዲወጣ ያደረገው በ1998 ዓ.ም. የተጀመረው፣ ብዙዎች ፒቢኤስ በሚለው ስሙ የሚያውቁት የመሠረታዊ አገልግሎቶች ፕሮግራም ነው። በውስጡ “የፋይናንስ ግልጽነትና ተጠያቂነት” የሚባል ክፍል ነበረው፤ ወረዳዎች በጀታቸውን ሒሳብ ያልተማረ ሰው በሚረዳው ቅጽ እንዲለጥፉ፣ በጀት ከመጽደቁ በፊትም ነዋሪውን እንዲያወያዩ የተለመደው በዚያ በኩል ነው። ከተሞች ደግሞ በዓለም ባንክ በተደገፉት የከተማ ልማት ፕሮግራሞች፣ በጥቂት ከተሞች ተጀምረው ኋላ 44፣ ከዚያም 117 ከተሞችን ባቀፉት፣ ግልጽነትና ተጠያቂነት ከሚመዘኑባቸው ነጥቦች መካከል ስለገባ ነጥብ ያጣ ከተማ ድጋፍም ያጣ ነበር። ይህን ማወቁ ይጠቅማል፤ ሰሌዳው ለምን አንዳንዴ ለነዋሪው ሳይሆን ለመዛኙ የተዘጋጀ እንደሚመስል የሚገባን ከዚህ ነው። መዛኙ “ተለጥፏል ወይ?” ብሎ ይጠይቃል፤ ነዋሪው “የእኛ ሰፈር መንገድ የቱ ላይ ነው?” ይላል።

ወረቀቱና ግድግዳው

ነገሩ ትንሽ ይመስላል እንጂ ብዙ ሰሌዳ የሚበላሸው እዚህ ላይ ነው። በጀት ዓመቱ ሐምሌ 1 ይጀምራል፤ አዲሱ ድልድል የሚለጠፈው በሐምሌና በነሐሴ ነው። ባሕር ዳር ላይ ዝናቡ የሚጠናውም በእነዚሁ ሁለት ወራት ነው። ቀለም በሚረጭ ማተሚያ የታተመ ኤ4 ወረቀት ደጅ ከተሰቀለ ቁጥሩ ይፈሳል። በሌዘር የታተመው እርጥበቱን ይሻላል፤ እሱም ቢሆን ከመስከረም በኋላ ባለው ፀሐይ ወረቀቱ ይገረጣል። ቀይ ቀለም ቀድሞ ነው የሚጠፋው፤ ጉድለትን በቀይ የሚያትም ባለሙያ ይህን ይወቅ፣ መጀመሪያ የሚደበዝዘው ጉድለቱ ነው።

ባነር የተሻለ ይመስላል። ዝናብ አይፈራም፣ ከሩቅ ይታያል፣ ለፎቶም ያምራል። ችግሩ በየሩብ ዓመቱ መቀየር ውድ መሆኑ ነው፤ ስለዚህ የሐምሌው ቁጥር እስከ ሰኔ ድረስ ይሰቀላል፣ ወጪ የሚባል ነገር ሳይጻፍበት። በእኛ ዓይን ምርጡ አሠራር የሁለቱ ድብልቅ ነው። የማይለወጠው ነገር (የዘርፎቹ ስምና የጸደቀው በጀት) በባነሩ ላይ ይታተማል፤ ከጎኑ 4 ግልጽ የፕላስቲክ ኪሶች ይሰፋሉ፤ የየሩብ ዓመቱ ወጪ በኤ4 እየታተመ እዚያ ይገባል። ባዶ ኪስ ራሱ ይናገራል፤ ጥር ላይ ቆሞ የመጀመሪያዎቹን ሁለት ኪሶች ባዶ የሚያይ ነዋሪ ማንን መጠየቅ እንዳለበት ያውቃል።

የቀረው የግድግዳ ሥራ ነው። ሰሌዳው ከበረንዳ ሥር ይሁን። መካከሉ ከመሬት 1.5 ሜትር ገደማ ቢሆን አጭርም ረጅምም ያነባል። ርዕሱ 3፣ ቁጥሮቹ ቢያንስ 1 ሴንቲሜትር ቁመት ይኑራቸው፤ ከዚያ ካነሱ ከፊት አንድ ሰው ሲቆም ከኋላ ያለው አያነብም። ሳንቲም አይጻፍ፤ “በሺህ ብር” ተብሎ ከላይ ይገለጽና ሦስቱ ዜሮዎች ይቅሩ። ቀን፣ ፊርማና ማኅተም የሌለው ወረቀት ደግሞ ማስረጃ አይሆንም። እነዚህን ሁሉ የሚያሟላ ሰሌዳ ማየት ብርቅ ነው፤ ወጪው ግን ከአንድ የስብሰባ ሻይ ቡና አይበልጥም።

ዓመቱን አይሳቱ

ብዙ ሰው የሚሰናከልበት ቦታ ነው። “የ2018 በጀት ዓመት” ሲባል ሐምሌ 1 ቀን 2017 ጀምሮ ሰኔ 30 ቀን 2018 የሚያልቀው ነው። 1ኛው ሩብ ዓመት ሐምሌ፣ ነሐሴ፣ ጳጉሜንና መስከረም፤ 2ኛው ከጥቅምት እስከ ታኅሣሥ፤ 3ኛው ከጥር እስከ መጋቢት፤ 4ኛው ከሚያዝያ እስከ ሰኔ ነው። ጥቅምት 2018 ላይ ሰሌዳው የ2017ን ቁጥር ከያዘ ያለፈ ዓመት ነው፤ ጥቅሙ ግን አልጠፋም፤ ከአዲሱ ጋር ጎን ለጎን ሲሆን ለማነጻጸር ይረዳል።

ሰሌዳውን የማንበብ ሥራ

አምስት ዓምድ ይፈልጉ፦ የጸደቀ በጀት፣ የተስተካከለ በጀት፣ እስካሁን የወጣ፣ ቀሪ እና መቶኛ። ሁለተኛው ብዙ ጊዜ አይኖርም፤ ጉዳቱ ደግሞ እዚያ ላይ ነው። በዓመቱ መካከል ገንዘብ ከአንድ ርዕስ ወደ ሌላ ሊዛወር ይችላል፤ ሕጉ በሚፈቅደው መንገድ ከሆነ ጥፋት የለበትም። ለምሳሌ ያህል ለአንድ የውስጥ ለውስጥ መንገድ 8 ሚሊዮን ብር ጸደቀ እንበል። የካቲት ላይ 3 ሚሊዮኑ ወደ ሌላ ሥራ ተዛወረ፤ የተስተካከለው በጀት 5 ሚሊዮን ሆነ። ሰኔ ላይ 5 ሚሊዮኑ ወጣ። መቶኛው በተስተካከለው ላይ ከተሰላ “100 በመቶ ተፈጽሟል” ይባላል። በጸደቀው ላይ ከተሰላ 62.5 በመቶ ነው። ሁለቱም ሒሳብ ልክ ነው፤ ነዋሪው የተነገረው ግን መንገዱ እንዳለቀ ነው። ስለዚህ መቶኛ ሲያዩ የመጀመሪያው ጥያቄ “ከየትኛው በጀት?” ይሁን።

ቀጥሎ የዘርፉን ድምር መፈልቀቅ ነው። ዘርፉ ደመወዝ፣ ሥራ ማስኬጃና ካፒታል (ለግንባታና ለቋሚ ንብረት የሚውለው) ተብሎ ካልተከፈለ ድምሩ አይጠቅምም። አሁንም ለማስላት እንዲመች፦ አንድ ዘርፍ 10 ሚሊዮን ተይዞለታል፤ 7 ለደመወዝ፣ 2 ለሥራ ማስኬጃ፣ 1 ለካፒታል። መጋቢት መጨረሻ ላይ 6.2 ሚሊዮን ወጥቷል። 62 በመቶ ነው፤ ለ9 ወር አይከፋም ያሰኛል። ሲፈለቀቅ ግን ደመወዝ 5.25 ሚሊዮን ወጥቷል፣ ልክ 75 በመቶ፣ ወር በጠባ ቁጥር የሚከፈል ስለሆነ። ሥራ ማስኬጃ 850 ሺህ፣ 42.5 በመቶ። ካፒታል 100 ሺህ፣ 10 በመቶ። አዲስ ክፍል፣ አዲስ ቦኖ፣ አዲስ ድልድይ የሚሠራው በዚያች 10 በመቶ ነው። የወረዳ በጀት አብዛኛው ደመወዝ በመሆኑ ድምሩ ሁልጊዜ የካፒታሉን መዘግየት ይሸፍናል። የደመወዝ ማሻሻያ በተደረገበት ዓመት ደግሞ “በጀታችን አደገ” የሚለው ዜና በዚሁ ዓይን ይታይ።

ካፒታሉ ለምን ይዘገያል? አብዛኛውን ጊዜ ሌብነት ከመጠርጠር በፊት የቀን መቁጠሪያ ማየት ይበጃል። የክልሉ ምክር ቤት በጀት ያጸድቃል፣ ድጎማው ወደ ወረዳና ወደ ከተማ ይወርዳል፣ የአካባቢው ምክር ቤት ደግሞ የራሱን ያጸድቃል። ከዚያ ጨረታ ማዘጋጀት፣ ማውጣት፣ መገምገም፣ ውል መፈረም አለ። በጣና ዙሪያ ያለ ጭቃ አፈር ላይ መንገድም ሆነ መሠረት የሚቆፈረው ከጥቅምት እስከ ግንቦት ባለው ደረቅ ወቅት ነው። ጨረታው ታኅሣሥ ድረስ ካልወጣ ሥራው ከክረምቱ ጋር ይገናኛል። ከዚያ ሰኔ ይመጣል፤ በጀቱ እንዳይመለስ ተብሎ የዕቃ ግዢ ይጣደፋል፤ ወንበር፣ ኮምፒዩተር፣ ጎማ ይገዛል። የ4ኛው ሩብ ዓመት ወጪ ብቻውን የቀሩትን ሦስት ሩብ ዓመታት የሚያህል ከሆነ በምን ላይ እንደወጣ ዝርዝሩን መጠየቅ ተገቢ ነው።

ዝርዝሩ ላይ ቁጥር ካለ ቁልፉ ቀላል ነው። የወጪ ሒሳብ መደቦች በ6 የሚጀምሩ ባለ 4 አኀዝ ናቸው። በ61 የሚጀምሩት የሰው ኃይል፣ በ62 ዕቃና አገልግሎት፣ በ63 ቋሚ ንብረትና ግንባታ፣ በ64 ድጎማና ሌሎች ክፍያዎች ናቸው። ከውስጡ 6111 የቋሚ ሠራተኛ ደመወዝ፣ 6217 ነዳጅና ቅባት፣ 6231 ውሎ አበል፣ 6257 መብራት ነው። 6217 እና 6231 አብረው ይነበቡ፤ ነዳጅና አበል ከተመደበላቸው አልፈው 63 ላይ ያለው ሥራ ካልተንቀሳቀሰ ቢሮው ብዙ ተጉዟል፣ ግንባታው ግን ቆሟል ማለት ነው። ምክንያት ሊኖረው ይችላል፤ ምክንያቱ ይነገረን ነው የምንለው።

ኪሱ የማን እንደሆነ

የሰሌዳው ትልቁ ድክመት የሚከተለውን አለማስረዳቱ ነው፤ ሕዝቡም ጥያቄውን የተሳሳተ በር ላይ ያንኳኳል። ከተማው ውስጥ የሚታይ ሁሉ ከከተማው ኪስ የወጣ አይደለም። በግንቦት 2016 የተመረቀው 380 ሜትር የሚረዝመው የዓባይ ድልድይ የፌዴራል መንገዶች ፕሮጀክት ነው፤ በከተማው በጀት ውስጥ ፈልገው አያገኙትም። ጥበበ ግዮን ሆስፒታል የባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲ ነው፤ በጀቱ በፌዴራል በኩል ይመጣል። ፈለገ ሕይወት ሆስፒታል ከክልሉ ነው። የውኃና ፍሳሽ አገልግሎቱ ደግሞ ከቆጣሪ ክፍያ የሚሰበስበው የራሱ ገቢና የራሱ ሒሳብ አለው፤ የቧንቧ ጥያቄ ይዞ የሄደ ሰው የአገልግሎቱን ሪፖርት ለብቻው መጠየቅ አለበት።

የከተማ አስተዳደሩ ራሱ ሁለት ዓይነት ሥራ ይሠራል፤ በጀቱም ሁለት ነው። አንደኛው እንደ ትምህርትና ጤና ያለው የመንግሥት አገልግሎት ነው፤ ከክልሉ ጥቅል ድጎማና ከግብር ይሸፈናል። ሁለተኛው የማዘጋጃ ቤት ነው፤ ኮብልስቶን፣ የጎርፍ መውረጃ ቦይ፣ የመንገድ መብራት፣ ጽዳት፣ ገቢውም ከመሬት ሊዝ፣ ከቦታ ኪራይ፣ ከጣሪያ ግብርና ከአገልግሎት ክፍያ። ሰሌዳው ላይ ሁለቱ ተደባልቀው በአንድ ድምር ከቀረቡ ጥሩ ሰሌዳ አይደለም። የሊዝ ገቢ አንድ ጊዜ ተላልፎ የሚያልቅ መሬት ነው፤ የግብር ገቢ ግን በየዓመቱ ይመጣል፤ በሊዝ ገንዘብ በየዓመቱ የሚደጋገም ወጪ የሚሸፍን ከተማ መሬቱ ሲያልቅ ምን እንደሚያደርግ ከአሁኑ መጠየቅ አለበት። የንብረት ታክስ አዋጅ በ2017 ስለጸደቀ የቤት ባለቤት ከማዘጋጃ ቤቱ ጋር ያለው ሒሳብ ወደፊት ይበልጥ የጠበቀ ይሆናል፤ ይህ ዓምድ ለብቻው መውጣቱ ያኔ ግድ ይሆናል።

ሌላው ቦታ ነው። “መንገድ ግንባታ፣ 40 ሚሊዮን” የሚል መስመር ለፋሲሎ፣ ለጣና ወይም ለግሽ ዓባይ ክፍለ ከተማ ነዋሪ ምንም አይነግረውም። ከየት እስከ የት? ስንት ሜትር? በምን ንጣፍ? ተቋራጩ ማን ነው? መቼ ይረከባል? ካፒታል መስመር ሁሉ እነዚህን አምስት መልሶች ካልያዘ ነዋሪው ወርዶ ሊያረጋግጠው አይችልም። ከሁሉም ማሻሻያ አንድ ብቻ ምረጡ ብንባል ይህን እንመርጣለን። ሜትር የተጻፈበት ሰሌዳ ለልጅም ይገባዋል፤ በእርምጃ ይለካዋል።

ሰሌዳው የሚያልፋቸው ሦስት ነገሮች

የመጀመሪያው ቅድሚያ ክፍያ ነው። ተቋራጭ ሥራ ሲጀምር የውሉን ከፊል ገንዘብ ቀድሞ ይወስዳል፤ በፌዴራሉ የግዢ መመሪያ ጣሪያው የውሉ ዋጋ 30 በመቶ ነው። የመንግሥት ሒሳብ አያያዝ ይህን ገንዘብ ሥራው ተሠርቶ እስኪወራረድ ድረስ በ“ተሰብሳቢ” እንጂ በ“ወጪ” አይመዘግበውም። አሠራሩ ትክክል ነው። ሰሌዳው ላይ ግን የወጪ ዓምድ ብቻ ስላለ ከባንክ የወጣው ብር የትም አይታይም። አንድ ተቋራጭ ቅድሚያ ወስዶ ቢጠፋ ሰሌዳው “ቀሪ በጀት አለ” እያለ ዓመት ሊከርም ይችላል። መፍትሔው አንድ መስመር ነው፦ “ያልተወራረደ ቅድሚያ ክፍያ፣ ይህን ያህል ብር፣ ከዚህ ቀን ጀምሮ”። ኦዲተሮች ደጋግመው የሚጽፉት ግኝት ለዓመታት ያልተሰበሰበ ተሰብሳቢ ነው፤ ነዋሪው ቀድሞ ቢያየው ቀድሞ ይጠይቃል።

ሁለተኛው የኅብረተሰብ መዋጮ ነው። ለኮብልስቶን፣ ለትምህርት ቤት አጥር፣ ለጸጥታ የተዋጣ ብር በደረሰኝ ገቢ ሆኖ በሪፖርቱ ውስጥ መታየት አለበት። እምቦጭ ለመንቀል በዘመቻ የወጣው የገበሬ ጉልበት ደግሞ በጥሬ ገንዘብ ላይ የቆመ ሒሳብ ውስጥ ቦታ የለውም። ቢያንስ በሰው ቀን ተቆጥሮ ከሰሌዳው ግርጌ ቢጻፍ ለሰጪው ክብር ነው። ጣና ዳር ያለ ገበሬ ወገቡ ድረስ ውኃ ውስጥ ገብቶ የሠራው ሥራ ዋጋ አለው።

ሦስተኛው ኦዲት ነው፤ 1 ነጥብ የሰጠነውም በዚህ ነው። የዋና ኦዲተር ሪፖርት ዓመቱ ካለፈ በኋላ ስለሚመጣ የያኔው ሰሌዳ ተነስቶ በአዲስ ተተክቷል። ቢለጠፍ ግን ለማንበብ አይከብድም፤ አስተያየቱ ከአራት አንዱ ነው። ነቀፌታ የሌለበት ከሆነ ሒሳቡ በአግባቡ ቀርቧል ማለት ነው። “ከ…በስተቀር” የሚል ከሆነ በአብዛኛው ደህና ሆኖ የተጠቀሱት ነጥቦች ብቻ ጎድለዋል። ተቃራኒ አስተያየት ከሆነ ሒሳቡ እውነቱን አያሳይም። አስተያየት መስጠት አልተቻለም ከተባለ ማስረጃው ራሱ አልተገኘም፤ እኛ ከሁሉም የምንፈራው ይህን ነው። ከሥሩ “ግኝት፣ የተሰጠ መልስ፣ የተመለሰ ብር” የሚል ሦስት ዓምድ ያለው አንድ ገጽ ይበቃል።

የሰሌዳው ወንድሞችና እህቶች

ምርጡ ሰሌዳ ወረዳው ወይም ከተማው ዘንድ አይደለም፤ ትምህርት ቤትና ጤና ጣቢያ በር ላይ ነው። ለትምህርት ቤት ሰሌዳ ከ5 ነጥብ 4 እንሰጣለን። ገንዘቡ ትንሽ ነው፣ ምንጩ ጥቂት ነው፤ የድጎማ ገንዘብ፣ የወላጅ መዋጮ፣ የውስጥ ገቢ። ወጪውም የሚቆጠር ነው። 60 ዴስክ ተጠገነ ከተባለ ክፍል ገብቶ መቁጠር ነው። የተገዛ ዕቃ በሞዴል 19 ገቢ፣ በሞዴል 22 ወጪ ይሆናል፤ የወላጅ መምህር ኅብረት አባል የሆነ ሰው የሞዴል 19ኙን ቁጥር በሰሌዳው ላይ ቢያስጽፍ ዕቃው መጋዘን መግባቱ በአንድ ዓይን ይታያል። የጎደለው 1 ነጥብ ወረቀቱ ከወላጅ ስብሰባ ቀን በፊት ብቻ ታድሶ ከዚያ ስለሚረሳ ነው።

ለጤና ጣቢያው 3 ተኩል። ከካርድ፣ ከላቦራቶሪና ከመድኃኒት የሰበሰበውን ገቢ በቦርዱ እያጸደቀ ለራሱ ማሻሻያ ስለሚጠቀምበት የሚለጥፈው ነገር ብዙ ነው። ማኅበረሰብ አቀፍ የጤና መድን ላለባቸው ወረዳዎች አንድ ተጨማሪ ቁጥር ወሳኝ ነው፦ መድኑ ለጤና ጣቢያው ያልከፈለው ዕዳ። ታማሚው “መድኃኒት የለም፣ ከውጭ ግዙ” ሲባል ምክንያቱ ብዙ ጊዜ እዚያ ዕዳ ውስጥ ነው፤ ዕዳው ከተለጠፈ ቁጣው ፋርማሲስቷ ላይ አያርፍም።

የቅድመ በጀት ውይይት 3 ያገኛል፤ ውይይቱ ከምክር ቤቱ ጉባኤ በፊት ከተደረገ። ከጸደቀ በኋላ ከሆነ መግለጫ ነው፣ ውይይት አይባልም። ሰነዱ አዳራሽ ውስጥ ከሚታደል 3 ቀን ቀድሞ ቢሰጥ፣ በገበያ ቀን ባይጠራ፣ ቃለ ጉባኤው ላይ “የተጠየቀ፣ የተፈቀደ፣ ያልተፈቀደ፣ ምክንያቱ” ተብሎ ቢያዝ 4 እንሰጠው ነበር። ሴቶች የሚያነሱት የውኃ ጥያቄ በቃለ ጉባኤ ውስጥ “ልዩ ልዩ” ተብሎ የሚገባበት ልማድ መቅረት አለበት።

የአማራ ክልሉን በኩር ጋዜጣ ማንም እንደ በጀት ሪፖርት አይቆጥረውም፤ እኛ ግን 3 እንሰጠዋለን፣ ለጨረታ ማስታወቂያዎቹ። ሐምሌ ላይ ከሰሌዳው የተቀዳውን የካፒታል ዝርዝር ይዞ ማስታወቂያዎቹን መከታተል ይቻላል። ጨረታ የወጣለት መስመር ላይ ምልክት ይደረጋል። ታኅሣሥ ሲያልቅ ምልክት የሌለው መስመር በዚያ ዓመት የመሠራት ዕድሉ ጠባብ ነው። ከ15 ደቂቃ የማይበልጥ የሳምንት ሥራ ነው።

ፌስቡክና ቴሌግራም 1 ተኩል። የአዳራሽ ፎቶ፣ ከሥሩ “ከዕቅዱ 94 በመቶ ተከናውኗል”። ዕቅዱ ስንት ነበር? በብር ነው ወይስ በሥራ? የፊዚካል አፈጻጸምና የፋይናንስ አፈጻጸም ለየቅል ናቸው፤ ሥራው 40 በመቶ ላይ ቆሞ ገንዘቡ 80 ከሄደ ችግር አለ፣ ሲገለበጥም ለተቋራጩ ያልተከፈለ አለ ማለት ነው። ሁለቱ አብረው ካልተጻፉ መቶኛው ዋጋ የለውም። የሚያስቆጨው፣ ማሻሻያው ነፃ መሆኑ ነው፤ የሰሌዳውን ጥርት ያለ ፎቶ በየሩብ ዓመቱ መለጠፍ ይበቃል። እንዲህ ቢሆን ከዘጌ በጀልባ ወይም ከጢስ ዓባይ በመኪና ባሕር ዳር ድረስ የሚመጣ ሰው ለአንድ ቁጥር ብሎ ቀኑን አያጠፋም። የባሕር ዳር ዙሪያ ወረዳ መቀመጫው ከተማው ውስጥ በመሆኑ ለገጠሩ ነዋሪ ይህ ከማንም በላይ ያስፈልገዋል።

ሰሌዳው ዝም ሲል

በአዋጅ 590/2000 መሠረት ጥያቄ የሚቀርበው ለመሥሪያ ቤቱ የሕዝብ ግንኙነት ክፍል ነው። ማመልከቻው አጭር ይሁን፤ “የበጀት መረጃ ይሰጠኝ” ከተባለ መልሱም እንዲሁ ጥቅል ይሆናል። የሚሻለው እንዲህ ነው፦ “የ2017 በጀት ዓመት የ9 ወር የካፒታል ወጪ፣ በፕሮጀክት ተለይቶ፣ የጸደቀ፣ የተስተካከለና የወጣ በጀት፣ ያልተወራረደ ቅድሚያ ክፍያን ጨምሮ።” ወረዳዎች ሒሳባቸውን አይቤክስ በሚባለው የበጀትና ወጪ ሥርዓት ሲመዘግቡ ስለኖሩ እንዲህ ያለ ዝርዝር ከሥርዓቱ የሚወጣ እንጂ እንደ አዲስ የሚሠራ አይደለም፤ “ጊዜ ይወስዳል” ለሚል መልስ ይህን ማንሳት ይቻላል። ማመልከቻው በ2 ቅጂ ይዘጋጅ፤ መዝገብ ቤት ቁጥርና ቀን አስጽፎ አንዱን መያዝ ያስፈልጋል፤ የቀኑ ቆጠራ የሚጀምረው ከዚያ ነውና። መልስ በ30 ቀን ውስጥ መሰጠት አለበት። መጻፍ የማይችል ሰው በቃሉ ሊጠይቅ ይችላል፤ ሠራተኛው ይጽፍለታል። ከተከለከለ ለመሥሪያ ቤቱ የበላይ ኃላፊ፣ ቀጥሎ ባሕር ዳር ላይ ቅርንጫፍ ላለው ለኢትዮጵያ ሕዝብ እንባ ጠባቂ ተቋም አቤት ይባላል፤ ፍርድ ቤት ከዚያ ወዲያ ነው።

ባለሙያውን በጠላትነት አይቅረቡት። የገንዘብ ጽሕፈት ቤት ሒሳብ ሠራተኛ ብዙ ጊዜ ቁጥሩን ማውጣት ይፈልጋል፤ ፈራሚ ነው የሚያጣው። ሰኔ መጨረሻና ሐምሌ መጀመሪያ ሒሳብ የሚዘጋበት ጊዜ ስለሆነ ያኔ ሄዶ ዝርዝር መጠየቅ ለሁለቱም ድካም ነው። የሚመች ጊዜ ኅዳር አጋማሽ፣ የካቲት አጋማሽና ግንቦት አጋማሽ ነው፤ የየሩብ ዓመቱ ሪፖርት ተጠናቆ ጠረጴዛ ላይ ያለበት። ስልክ ይዘው ይሂዱ፣ የሰሌዳውን ፎቶ ቀኑና ማኅተሙ እንዲታይ አድርገው ያንሱ፣ ያለፈውን ሩብ ዓመት ፎቶም አያጥፉት።